ማክስ ሊንደርን ደሴ ላይ ለማሳየት፦ የትኞቹ ፊልሞች፣ በምን ፍጥነት?

ቦርከና፦
ሰላም ለሁላችሁ። ደሴ ላይ ለአንድ ምሽት የድምፅ አልባ ፊልም ዝግጅት ታስቧል፤ የሚታየው ፈረንሳዊው ማክስ ሊንደር ነው። ያለው ጊዜ 1 ሰዓት፣ ዕቃው ላፕቶፕ፣ ፕሮጀክተርና አቡጀዴ ነው፤ አጃቢው ማሲንቆና ክራር። የሥራ ዘመኑን በደንብ የሚያሳዩት የትኞቹ ናቸው? ከኢንተርኔት የወረዱት ቅጂዎች ላይ ሰዉ እንደ ጉንዳን ይርመሰመሳል፤ ይስተካከላል? ቻፕሊን የእሱ ግልባጭ ነው የሚባለውስ?

ጦሳ ሥር፦
ሦስት ብቻ ምረጡ።

መጀመሪያ እ.ኤ.አ. በ1907 የወጣውን፣ በረዶ በያዘ ሐይቅ ላይ መንሸራተት የሚሞክርበትን አጭር ፊልም። በ1905 ፓቴ የተባለው የፈረንሳይ ፊልም ኩባንያ ሲገባ ቀን እየተቀረጸ ማታ ቴአትር የሚጫወት የቦርዶ አካባቢ የወይን ገበሬ ልጅ ነበር፤ ትክክለኛ ስሙ ጋብርኤል ሌቭዬል። የሐር ባርኔጣ፣ ከዘራ፣ ጓንትና የተቀመቀመች ሪዝ ያሉት ጨዋ ሰው እዚህ ላይ ብቅ ይላል። የፓቴ ኮሜዲያን የነበረው አንድሬ ዲድ ወደ ጣሊያን ሲሄድ ሊንደር የኩባንያው ዋና ኮሜዲያን ሆነ፤ ከ1910 ጀምሮ ፊልሞቹ ራሳቸው «ማክስ» እያሉ በስሙ ይወጡ ጀመር።

ሁለተኛ የ1911ዱን የኪና (መራራ የመድኃኒት ዛፍ ልጥ) ፊልም። ሐኪም ያዘዘለትን ኪና ያለበት ወይን በግዙፍ ብርጭቆ ይጠጣና ይሰክራል፤ ከተጣላቸው ባለሥልጣናት የስም ካርድ ይሰበስባል። ፖሊሶች ሊይዙት ሲሉ ካርዱን ያያሉ፣ ሰላምታ ይሰጣሉ፣ ተሸክመው ወደ ካርዱ ባለቤት ቤት ያደርሱታል። ደግሞ ይባረራል፣ ደግሞ ሌላ ካርድ ይወጣል። ደሴ ላይ ያለ ትርጉም የሚያስቅ እሱ ነው።

ሦስተኛ ከ1921ዱ የአሜሪካ ፊልሙ የመስታወቱን ክፍል ብቻ፤ ሙሉው 5 ሪል (የፊልም ጥቅል) ስለሆነ ሰዓታችሁን ይበላዋል። አሽከሮቹ መስታወት ይሰብራሉ፤ ወጥ ቤቱ እንደ ጌታው ለብሶ በባዶው ክፈፍ ውስጥ ይቆምና ማክስ ሲላጭ ይላጫል። ማክስ ነቅቶበት ጫማ ሲወረውር ግን አዲስ መስታወት ተገጥሟል።

በመካከሉ ያለውን በቃል ንገሯቸው። በአንደኛው የዓለም ጦርነት የሊንደር ጤና ተቃወሰ፤ ቻፕሊን በ1916 ኤሳኔይ የተባለውን የአሜሪካ ፊልም ኩባንያ ለቆ ሲሄድ ኩባንያው ሊንደርን አስመጣ። 12 ፊልም ታስቦ 3 ብቻ ተሠራ፤ ገበያውም አልደራም።

ሆጤ፦
መርመስመሱ የተዋናዩ ጥፋት አይደለም። ካሜራው በእጅ ይዞር ነበር፣ በሰከንድ 16 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ግድም፤ ድምፅ ከመጣ ወዲህ ደንቡ 24 ሆነ። 300 ሜትር ፊልም 15,750 ያህል ፍሬም አለው፤ በ16 ከ16 ደቂቃ በላይ ይሄዳል፣ በ24 በ11 ደቂቃ ያልቃል።

ቪኤልሲ በሚባለው የቪዲዮ ማጫወቻ ላይ የመቀነስ ምልክቷን አንዴ ስትጫኑ 0.67 ይላል፤ 16 ለ24 ሲካፈል የሚመጣው እሱው ነው። ድምፁን ዝጉት። ግን መጀመሪያ ፈትሹ፤ ታድሰው የወጡ ቅጂዎች ፍጥነታቸው ተስተካክሎ ስለሆነ እንደገና ከቀነሳችሁት ሰውየው ጭቃ ውስጥ የሚራመድ ይመስላል። የሚወድቅ ባርኔጣ ወይም የሚቀዳ መጠጥ ተመልከቱ፤ ተዋናይ ይቸኩላል፣ የሚወድቅ ዕቃ ግን አይቸኩልም። 0.67 ከከበደ 0.8 ሞክሩ፤ ኮሜዲ ላይ ሲታይ እንዲፈጥን ሆን ብለው ካሜራውን ቀስ አድርገው የሚያዞሩ ነበሩ።

የአማርኛ ጽሑፍ ካስገባችሁ ፋይሉን በዩቲኤፍ-8 አስቀምጡ፤ የፊደሉንም ዓይነት (ፎንት) አማርኛ ያለው፣ ለምሳሌ ናይላ፣ አድርጉት፣ አለዚያ አቡጀዴው ላይ ሳጥን ሳጥን ይደረደራል።

ጦሳ ሥር፦
ስለ ቻፕሊን፦ ሊንደር ከጀመረ 9 ዓመት በኋላ ነው ፊልም ውስጥ የገባው፤ እሱ ራሱ በፎቶ ላይ መምህሬ ብሎ ጽፎለታል። ግልባጭ ማለት ግን ማጋነን ነው። የሊንደር ሰው ኪሱ ሙሉ ሆኖ ክብሩን የሚያጣ ነው፤ የቻፕሊን ደሃ ሆኖ ክብሩን የማይለቅ። አካሄዱን ወሰደ፣ ሰውየውን አልወሰደም።

በ1925 ከሚስቱ ጋር ፓሪስ ላይ የሞተበትን ሁኔታ ማስታወቂያ አታድርጉት። ልጁ ሞድ ሊንደር በ1963 ከአሜሪካ ፊልሞቹ አንድ ስብስብ አዘጋጅታለች፤ ጥሩ ቅጂ ከፈለጋችሁ ከዚያ ጀምሩ።

ባቲ ቅኝት፦
ሙዚቃው ላይ አንድ ነገር። ክራሩ ከትዝታ ወደ ባቲ ወይም አንቺሆዬ ሲዞር ክሮቹ እንደገና ይቃኛሉ፤ ፊልም እየሄደ አይሆንም። ማሲንቆ በጣት ስለሚሄድ ወዲያው ይዞራል። ስለዚህ ለአንድ ፊልም አንድ ቅኝት ስጡት፣ በየመሃሉ 3 ደቂቃ መቃኛ ተዉ። ስካሩን ማሲንቆው ብቻውን ቢይዘው ይሻላል። መስታወቱ ጋ ግን ሁለቱም ዝም ይበሉ፤ ጫማው ሲወረወር ክራሩ አንዴ ይመታ።

ቦርከና፦
ገባኝ፣ እግዜር ይስጥልኝ። የኪናው ቅጂ 11 ደቂቃ ነው የሚለው፤ 0.67 ላይ ሞክሬ ወይኑ ሲቀዳ አያለሁ።