ፍሬ ከርስኪ ይላጣል?

የእህቴ ልጅ ስምንት ዓመቷ ነው። ባለፈው እኔና እናቷ ስንጨቃጨቅ አጠገባችን ተቀምጣ ነበር። ጉዳዩ ማን ለማን መደወል ነበረበት የሚል ነው። እህቴ በመጨረሻ ሰለቻት። «ኧረ በቃሽ፣ ይሄን ፍሬ ከርስኪ ተይው!» ብላ ተነስታ ሄደች። ልጅቷ የኛ ኩርፊያ ምንም አልመሰላትም። ጠጋ ብላ «አክስቴ፣ ፍሬ ከርስኪ ይላጣል ወይስ እንዲሁ ነው የሚበላው?» አለችኝ።

ሳቄ መጣ። ጥያቄዋ ግን ሰንብቶ እየተመላለሰ ያዘኝ። ልጅቷ ፍሬ የሚለውን ታውቃለች። ከርስኪን አታውቅም። በምታውቀው ተንጠልጥላ የማታውቀውን ገመተች። እውነቷን እኮ ነው! ሰምቶት ለማያውቅ ሰው ፍሬ ከርስኪ የፍራፍሬ ስም ይመስላል። በኮክና በትርንጎ መሐል ቢደረደር የሚጠረጥር የለም።

ትርጉሙን ሁላችንም እናውቀዋለን። የማይረባ፣ ቁም ነገር የሌለው፣ ጊዜ ሊባክንበት የማይገባ ነገር ወይም ወሬ ነው። እኔን የገረመኝ አሠራሩ ነው።

ከፍሬ ልነሳ። አማርኛ ፍሬ ሲል ብዙ ጊዜ ጣፋጩን ማለቱ አይደለም። ለሱ ፍራፍሬ አለ። ፍሬ በገለባው ውስጥ ያለው ጠጣር ነገር ነው፤ ነፋስ ገለባውን ሲወስደው ወደ ታች የሚቀረው። ከዚያ ተነስቶ ቃሉ ብዙ አገር ዞረ። የጉዳዩ እምብርት ፍሬ ነገር ተባለ። የጽሑፍ ዋና መልእክት ፍሬ ሐሳብ ሆነ። የሠራ ሰው የድካሙን ፍሬ ያያል፤ ያልቀናው ደግሞ ጥረቱ ፍሬ ቢስ ይሆንበታል። ልጅ የማህፀን ፍሬ ነው። ለወንዱም የዘር ፍሬ የሚባል አለው፤ እሱን ቆይቼ አነሳዋለሁ።

ፍሬ መቁጠሪያም ነው። ሁለት ፍሬ ኪኒን፣ ሦስት ፍሬ ሽንኩርት እንላለን። ከሁሉ የምወደው ግን «አንድ ፍሬ ልጅ» የሚለውን ነው። እዚያ ውስጥ አንድ የሚለው ቁጥር አይደለም። የልጁን ትንሽነት፣ ገና ምንም አለማወቁን ነው የሚነግረን። «አንድ ፍሬ ልጅ ሆና ይሄን ሁሉ ቻለችው» ሲባል ልጅቷ በመዳፍ የምትያዝ ትመስላለች።

እንግዲህ ፍሬ ቁም ነገር ከሆነ ፍሬ ከርስኪ እንዴት ተቃራኒው ሆነ? ቀልዱ ያለው እዚህ ጋ ይመስለኛል። ፍሬ ሲባል ጆሯችን ይቆማል። ነገር ሊመጣ ነው፣ ሐሳብ ሊመጣ ነው ብለን እንጠብቃለን። የሚመጣው ግን ከርስኪ ነው።

ከርስኪ ደግሞ ብቻውን አይኖርም። «ትንሽ ከርስኪ አምጣልኝ» የሚል ሰው የለም። «ነገሩ ከርስኪ ነው» ሲባልም ሰምቼ አላውቅም። እንዲህ ዓይነት ጥገኛ ቃላት ሌላም አሉን። ኩም የሚለውን ውሰዱ። ኩም አለ፣ ኩም አደረገችው እንላለን፤ ከዚያ ውጪ ኩም ቤት የለውም። ጭጭም ያለ «አለ» መቆም አይችልም።

ደስ የሚለው፣ የቋንቋ አጥኚዎች ለእንዲህ ያለው ቁራጭ የሰጡት ስም ራሱ ከፍሬ የመጣ ነው። ክራንቤሪ የምትባል ቀይና ጎምዛዛ ፍሬ አለች። ቤሪ የሚለው ግማሽ ለእንግሊዝኛ ተናጋሪ ግልጽ ነው፤ ትናንሽ ፍሬዎች በሱ ይጠራሉ። ክራን ግን ለዛሬው ተናጋሪ ባዶ ድምፅ ነው። ቃሉ የመጣው ከሰሜን ጀርመን ነው። እዚያ ክራን የአንዲት አንገተ ረጅም ወፍ ስም ነበር፤ ፍሬዋም የወፏ ፍሬ ማለት ነበረች። እንግሊዝኛ ውስጥ ስትገባ ከወፏ ጋር ያሰራት ክር ተበጠሰ። ከዚህ ተነስተው በአንድ ቃል ውስጥ ብቻ የሚገኝ፣ ለብቻው ትርጉም የማይሰጥን ቁራጭ «ክራንቤሪ ሞርፊም» ይሉታል፤ ሞርፊም ትንሹ የቃል ቁራጭ ነው። ትምህርቱ በአማርኛ ቢጀመር ኖሮ «ከርስኪ ሞርፊም» ይባል ነበር። አሁንም ቢሆን አልመሸም።

ከርስኪን ከከርስ ጋር ማዛመድ ያጓጓል። ከርስ ሆድ ነው፤ ከርሰ ምድርም የምድር ሆድ ነው። ሆድ ውስጥ ገብቶ የቀረ ፍሬ ብሎ መፈላሰፍ ይቻላል። ያምራልም። ግን የመልክ መመሳሰል ዝምድና አይደለም። መጨረሻ ላይ ያለችው «ኪ» ግን ማን ናት? በዚህ ዓይነት ከቀጠልን ከርስኪን የሩሲያ ጄኔራል የአጎት ልጅ እናደርገዋለን። ለኔ ጆሮ የሚቀርበው ሌላ ነው። ብርጭቆ ወድቆ ፍርክስክሱ ሲወጣ የምንሰማው ነው። ፍርክስክስና ፍሬ ከርስኪ ጎን ለጎን ሲባሉ ድምፃቸው ሊገጥም ትንሽ ነው የሚቀረው። ሥሩ ይሄ ነው እያልኩ አይደለም። ቃሉ ሲባል አንድ ነገር እፍ ቢሉት የሚፈረካከስ ዓይነት ይሰማኛል ነው የምለው።

የቃላቱም አቀማመጥ ነገር አለው። በአማርኛ ወግ ቢሆን «የከርስኪ ፍሬ» ነበር የሚባለው፤ የወይን ፍሬ እንደምንለው። ፍሬ ቀድሞ ሲመጣ ግን ግእዝ ግእዝ ይላል። ቤተ መንግሥት፣ ርእሰ ከተማ፣ ሥነ ልሳን፣ ፍሬ ሕይወት። ሁሉም የተከበሩ ናቸው። ፍሬ ከርስኪም የእነሱን ካባ ደርቦ፣ ጉሮሮውን ጠርጎ ነው የሚገባው። ሊቅ መስሎ ገብቶ የሚናገረው ሲጠፋው ያየነው ሰው የለም? «የከርስኪ ፍሬ» ብንለው ካባው ይወልቃል፣ ሳቁም ይጠፋል።

ስለ ሰዋስዉ ብዙ የሚባል የለም። ስምም ቅጽልም ይሆናል፤ «ፍሬ ከርስኪ ወሬ»፣ «ፍሬ ከርስኪ አታብዛ»። ብዙ ቁጥር አይናፍቀውም፤ አንዱም መቶውም ያው ነው። ተያይዞም ተለያይቶም ሲጻፍ አያለሁ። እኔ ለያይቼ ነው የምጽፈው። ሲያያዝ ፍሬ የምትለዋ ትሸሸጋለች።

ለሰው ይባላል ወይ? ሲባል ሰምቻለሁ፤ ለኔ ግን አይጥመኝም። ለሰው ፍሬ ቢስ አለ፣ ከባሰም ምናምንቴ አለ። ፍሬ ከርስኪ የሚያምርበት ለነገር፣ ለወሬ፣ ለክርክር ነው። የማን ነገር እንደሆነ ግን መጠንቀቅ ነው። በራስ ነገር ላይ ሲባል ትሕትና ነው፤ በሌላው ላይ ሲባል ድፍረት። ይህን ያወቅኩት ከፍዬበት ነው። አንድ የሥራ ባልደረባዬ አንድ ቀን እያፈረ ወረቀት ሰጠኝ። «እንዲያው ፍሬ ከርስኪ ነገር ሞነጫጭሬ ነው፣ እስቲ እይልኝ» አለ። ግጥም ነው። ደህና ግጥም ነበር። በማግስቱ እንደ ቀልድ «ፍሬ ከርስኪህን አነበብኩልህ» አልኩት። ሁለት ሳምንት አኮረፈኝ። ቃሉ የራሱ ነበር፤ ከኔ አፍ ሲወጣ ግን ሌላ ሆነ።

ዘመዶቹስ? እንቶ ፈንቶ፣ አርቲ ቡርቲ፣ ዝባዝንኬ። መዝገበ ቃላት ቢጠየቅ ሁሉንም «የማይረባ ወሬ» ብሎ ሊገላገል ይችላል። በኔ ጆሮ ግን አንድ አይደሉም። እንቶ ፈንቶ የተበታተነ ነው፤ ከዚህም ከዚያም የተለቃቀመ ወሬ። አርቲ ቡርቲ ቀልድ ቀልድ ይላል፤ «አርቲ ቡርቲህን ተወኝ» ያለ ሰው ከልቡ የተቆጣ አይመስለኝም። ዝባዝንኬ ክብደት አለው። የተንዛዛ፣ የተጠላለፈ፣ ገጽ የሚያስቆጥር ነገር ነው። ዝባዝንኬ ውስጥ ግን ዋናው ጉዳይ ተቀብሮ ሊገኝ ይችላል፤ ለዚህ ነው «ዝባዝንኬውን ትተህ ዋናውን ንገረኝ» የምንለው። ፍሬ ከርስኪን ብትፈለፍለው ምንም አታገኝም።

ሌላው ልዩነት መጠን ነው። ፍሬ ከርስኪ ትንሽ ነው። ዝባዝንኬ ይከመራል፣ እንቶ ፈንቶ ይዘራል፣ ፍሬ ከርስኪ ግን እዚያ መሬት ላይ የወደቀ አንድ ነገር ነው። ጎንበስ ብሎ ማንሳቱ ነው ሞኝነቱ። አሉባልታን ከነዚህ ጋር አልቆጥረውም፤ እሱ ክፋት አለበት። ቅራቅንቦና ግሳንግስም ዋና ሥራቸው ዕቃ ላይ ነው።

ያልበቀለ ፍሬ ያለን እኛ ብቻ አይደለንም። በዓለም ታዋቂው ስኖዝቤሪ ነው። ብሪታንያዊው ደራሲ ሮአልድ ዳል በ1964 (በፈረንጆቹ ነው) ባሳተመው የቸኮሌት ፋብሪካ ታሪክ ውስጥ ይገኛል። ፋብሪካው የሚላስ የግድግዳ ወረቀት ይሠራል። ወረቀቱ ላይ ፍራፍሬዎች ተሥለዋል፤ የላስከው ሥዕል የራሱን ፍሬ ጣዕም ይሰጥሃል። ከታወቁት ፍሬዎች መሐል ስኖዝቤሪ ሾልካ ገብታለች። በ1971 በተሠራው ፊልም አንዲት ቅምጥል ልጅ እንዲህ ያለ ፍሬ ማን ሰምቶ ያውቃል ብላ ትሞግታለች። ባለ ፋብሪካው አያስረዳትም። የ19ኛው ክፍለ ዘመን ግጥም ስንኝ ብሎላት ያልፋል።

ስኖዝ ምን ማለት ነው? የአሜሪካ የመንገድ ቋንቋ ትልቅ አፍንጫን «ሽኖዝ» ይለዋል። ድምፁ ይቀርባል፤ አፍንጫን አስቦ የሚስቅ አንባቢ ጥፋት የለበትም። ደራሲው ድምፁን ሳይወደው አልቀረም። በ1982 ባወጣው ሌላ የልጆች መጽሐፍ ስኖዝከምበር የሚባል ጣዕሙ የሚያንገሸግሽ አትክልት ፈጥሯል፤ የኪያርን የእንግሊዝኛ ስም፣ ኩከምበርን፣ አበላሽቶ ነው። የሚያስቀው ግን በመሐሉ በ1979 ለአዋቂዎች የጻፈው ልቦለድ ነው። እዚያ ስኖዝቤሪ የወንድ ብልት መጠሪያ ሆና ብቅ አለች። የግድግዳ ወረቀት ሲልስ ያደገ ሰው ይህን ሲያነብ ምን ይሰማው ይሆን? የዘር ፍሬን ቆይቼ አነሳዋለሁ ያልኩት ለዚህ ነው። ሁለት ቋንቋዎች ሳይመካከሩ ፍሬን እዚያው ሰፈር አወረዱት።

ስኖዝቤሪን ወደ አማርኛ እንዴት እንመልሳታለን? እንዳለች መጻፍ ይቻላል፤ ግን ግማሿ ይሞታል። የእንግሊዝኛ አንባቢ ቤሪ የምትለዋን ጨብጦ ነው ወደ ስኖዝ የሚገባው። ለኛ ሁለቱም ባዶ ናቸው። በአማርኛ ቤሪን የሚተካ ጭራ የለም። እንጆሪ አለ፣ ግን እንጆሪ ራሱ ስም ነው፤ ለሌላ አይቀጠልም። ፖኬሞን የሚባለው የቪዲዮ ጨዋታ ሌላ ዘዴ አለው፤ ፍሬዎቹን የታወቀ ስም ቆርጦ ይሰይማል። ኦሬንጅን ቆርጦ ኦራን አለ፣ ፒችን (ኮክን) አጣሞ ፔቻ አለ። እኛ ብርቱካንን ብንቆርጠው የሚቀረን ብርቱ ነው። ከዚያ በኋላ ፍሬ ነው ብሎ የሚያምን የለም። እኔ ብተረጉም በፍሬ እጀምር ነበር፤ ፍሬ ብዬ ቀጥዬ አንድ የማይታወቅ ድምፅ። መንገዱን ከርስኪ ጠርጎልናል።

ከባዱ ጣዕሟ ነው። ፊልሙ ውስጥ ባለ ፋብሪካው ስለ ስኖዝቤሪ ጣዕም የሚለው ስኖዝቤሪ መምሰሏን ብቻ ነው። አማርኛ ደግሞ ጣዕምን በድግግሞሽ ነው የሚናገረው። ጭስ ጭስ ይላል፣ ጨው ጨው ይላል፣ ውሃ ውሃ ይላል። ግን ልብ በሉ። ብርቱካን እየበላን «ብርቱካን ብርቱካን ይላል» አንልም። እንዲያ የምንለው ለከረሜላው ነው። ጭስ ጭስ የሚለውም ጭሱ ሳይሆን ጭስ የነካው ውሃ ነው። እንግዲህ ስኖዝቤሪዋ «ስኖዝቤሪ ስኖዝቤሪ ትላለች» ብለን ብንተረጉም በእንግሊዝኛው ያልነበረ ጥርጣሬ ሰተት ብሎ ይገባል። ይህቺ ነገር እውነተኛዋ ስኖዝቤሪ አይደለችም ማለት ነው። ለሌለ ፍሬ አስመስሎ መሥራት! እኔ ትርጉሙ ከዋናው በለጠ ባይ ነኝ።

ለልጅቷ ያን ቀን ይህን ሁሉ አልዘረዘርኩላትም።

«አይላጥም» አልኳት።

ትንሽ አሰበች። «ምን ምን ይላል?»

«ምንም ምንም አይልም።»

«ታዲያ እማዬ ለምን ተናደደች?»