ጥቆማ፦ ድሬ ላይ መብራት የማይበላ የጓሮ ፓምፕ ከየት ልግዛ?

የሳቢያን ጓሮ፦ ሰላም የድሬ ልጆች። ሳቢያን ከጎረቤቶቼ ጋር አብረን የምናለማው ጓሮ አለን። ቲማቲም፣ ቃሪያ፣ ጎመን፣ ትንሽ ፓፓያ። ውሃ ከጉድጓድ የሚስብልን ባለ 1 ፈረስ ጉልበት ፓምፕ ነው። ቆጣሪያችን አንድ ነው። ሂሳቡ ናረና መዋጮው ሊያጣላን ደረሰ። በአነስተኛ ፓምፕ እንቀይረው ወይስ ሶላር እንግባ? ሁለቱንም ያያችሁ ጠቁሙን።

ከዚራ፦ አቦ ሶላር ግቡ! እዚህ ፀሐይ መች ጠፍቶ ያውቃል?

ገንደ ቆሬ፦ መጀመሪያ እኔን ስሙኝ። ከአንድ ሱቅ ሶላር ፓምፕ ገዛሁ። ዋስትና አለው ተባልኩ። ብዙም ሳይቆይ ቀጥ አለ። ስወስደው «ውሃ በሌለበት አስነስተኸው ነው» አሉኝ። ደረሰኝ ሳወጣ «የዋስትና ወረቀት የታለ?» አሉ። ብሬን ተበላሁ።

መጋላ 2፦ የቱ ሱቅ ነው? በውስጥ ጻፍልኝ።

ፍቅር ለገሃር፦ ከማታውቁት ሰው ስለምትገዙ ነው። እኔ ከደንበኛዬ ሌላ ቦታ አልገዛም። አባቴም ከነሱ ነበር የሚገዛው። ዝም ብላችሁ እሱ ጋ ሂዱ።

መጋላ 2፦ ዋስትናውን በጽሑፍ ይሰጣል?

ፍቅር ለገሃር፦ ቃሉ ይበቃል። ብታውቀው ይህን አትጠይቅም።

ገንደ ቆሬ፦ እኔም በቃል ነው የተበላሁት። ቃል ውሃ የሚስብ ከሆነ በሉ ሰፈሩን አጠጡልን።

የልጆች እናት፦ እኔ ቤት መብራት የሚበላው ፍሪጁ ነበር። የበሩ ጎማ ልል ሆኖ ነው። ጎማ በደንብ የሚቀይር ሰው ታውቃላችሁ?

ጁገል፦ ከሐረር ነኝ። የኛ ውሃ ከድሬ ጀራ በፓምፕ ተገፍቶ ነው ያንን ዳገት የሚወጣው። ስለዚህ አትክልት ያጠብንበትን ውሃ አንደፋም፣ ጓሮ እናጠጣበታለን። እናንተም ጋ ከውሃው ጀምሩ።

ቧንቧ ሠራተኛ፦ ጁገል ልክ ነው። የሳቢያን ጎረቤቶች፣ ሱቅ ከመምረጣችሁ በፊት ሂሳቡን እንየው። 1 ፈረስ ጉልበት 746 ዋት ነው። ሞተሩ ከመስመር የሚወስደው ግን ከዚያ ይበልጣል። 1 ኪሎዋት በሉት። በቀን 3 ሰዓት ከሠራ በ30 ቀን 90 ኪሎዋት ሰዓት ሆነ። ታሪፉ ደግሞ በደረጃ ነው፤ ብዙ በተጠቀማችሁ ቁጥር የአንዱ ዋጋ ይጨምራል። በአንድ ቆጣሪ መሆናችሁ እዚህ ላይ ይጎዳችኋል።

አነስተኛ ፓምፕ ብቻውን አያድናችሁም። ያንኑ ውሃ ለማውጣት ረጅም ሰዓት ይሠራል። መቀነስ ያለበት የምትስቡት ውሃ ነው። ሮቶ ከፍ አድርጋችሁ ስቀሉ፣ ፍሎተር ግጠሙበት፣ ሲሞላ ፓምፑን ያጠፋዋል። ከሮቶው በጠብታ መስኖ ይውረድ፤ ለዚህ መብራት አያስፈልግም። የተክሉን ሥር በደረቅ ሳር ሸፍኑ። በቀትር አታጠጡ፣ ከፊሉ ለፀሐይ ነው የሚሆነው። ፉት ቫልቩንም እዩት፤ ጉድጓዱ ውስጥ በመሳቢያ ቧንቧው ጫፍ ያለው፣ ውሃው እንዳይመለስ የሚይዘው ነው። ካፈሰሰ ውሃው ወደ ጉድጓዱ ይመለሳል፣ ፓምፑም ባዶውን ይዞራል።

የድሬ ውሃ ኖራ አለበት። የጠብታው ቀዳዳ ይደፈናል። ማጣሪያ አስገቡ፣ የጎማውን ጫፍ እየከፈታችሁ እጠቡት።

ሶላር ከገዛችሁም ፓነሉን ቆርቆሮው ላይ አታጣብቁት፣ ከሥሩ አየር ይለፍ። ከ25 ዲግሪ በላይ በጋለ ቁጥር ለእያንዳንዱ ዲግሪ 0.4 በመቶ ገደማ ጉልበት ያጣል። ውሃ ሲያልቅ ራሱን የሚያጠፋ መሆኑንም ጠይቁ። ገንደ ቆሬ፣ ያንተ ላይ ይህ አልነበረም መሰለኝ።

ገንደ ቆሬ፦ አልነበረም። ማንም አልነገረኝም እኮ! ሻጩ ነበር መንገር ያለበት።

ፍቅር ለገሃር፦ የኔ ሰው ቢሆን ይነግርህ ነበር።

የሳቢያን ጓሮ፦ ቧንቧ ሠራተኛ፣ እድሜ ይስጥህ። ፉት ቫልቩን እናስፈትሻለን። ለጎረቤቶቼም አነብላቸዋለሁ።

ከዚራ፦ ታዲያ ሶላሩስ?

መጋላ 2፦ ገንደ ቆሬ፣ የሱቁን ስም እስካሁን አልላክህልኝም።

የልጆች እናት፦ የፍሪጅ ጎማ የሚቀይር ሰውስ?