የደሴን ዝናብ ለመቅረጽ ከዮሪስ ኢቨንስ ምን ይወሰዳል?

ጦሳ ግርጌ፦ ሰላም ለሁላችሁ። ከፒያሳ እስከ ሰኞ ገበያ ባለው መንገድ ላይ ስለ ደሴ ክረምት የ10 ደቂቃ ዘጋቢ ፊልም ልሠራ ነው፤ ተራኪም ቃለ መጠይቅም የለውም። ሆላንዳዊው ዮሪስ ኢቨንስ ስለ አምስተርዳም የሠራውን «ዝናብ» እይ ተብያለሁ። እንዴት ነው የተሠራው? ሰውየው ዓለምን ሲዞር የኖረ ነውና ከሌሎቹ ሥራዎቹ የትኞቹን ላስቀድም? ያለኝ አንድ ካሜራ፣ 50 ሚሊ ሜትር ሌንስና ትንሽ ድምፅ መቅጃ ነው።

ቦርከና ማዶ፦ ፊልሙ (1929 እ.ኤ.አ.) አንድ ዶፍ መጥቶ ያባራ ይመስላል እንጂ ኢቨንስና ማኑስ ፍራንከን ወራት የለቀሙትን ብዙ ዝናብ ነው ወደ 12 ደቂቃ ያቀናበሩት። ካሜራው ኪናሞ ነው፤ በእጅ የሚያዝ፣ 25 ሜትር ፊልም የሚጎርስ። ያ አንድ ደቂቃ ገደማ ስለሆነ ዝም ብሎ መቅረጽ የለም።

አንተም ማስታወሻህን በቀን አትከፋፍል፤ በዝናቡ ደረጃ ክፈለው። ከመዝነቡ በፊት ጉሙ ከጦሳ ሲወርድና ነጋዴው ላስቲኩን ሲጎትት፤ ከዚያ ካፊያው፣ ዶፉ፣ በመጨረሻ ሲያባራ። ለየደረጃው ቢያንስ 20 ቅንጭብ ያዝ፣ እያንዳንዱ ከ10 እስከ 15 ሰከንድ። የበልጉንም ዝናብ ጨምርበት፣ ክረምቱን ብቻ አትጠብቅ። የሚያጋልጥህ መሬቱ ነው፦ ከዶፉ ቀጥሎ ከሰው ጀርባ ደረቅ አስፋልት ከታየ ተመልካቹ ወዲያው ይነቃል። ደመናማውን ከፀሐያማው ጋርም አታጋጥም።

ሆጤ ሰፈር፦ ዝናብ ከፊት በመጣ ብርሃን አይታይም። ብርሃኑ ከጠብታው ኋላ ይሁን፣ ከዚያ ወዲያ ደግሞ ጨለም ያለ ነገር፣ ለምሳሌ የሱቅ በር ወይም ባሕር ዛፍ ይኑር። በሰከንድ 25 ፍሬም (ምስል) ስትቀርጽ ሹተሩን (ብርሃን የሚገባበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ካደረግህ ጠብታው ክር ይሆናል፤ በ1/200 ፍንጣሪው ለየብቻ ይታያል። የሱቅ አምፖል ባለበት ግን 1/50 ወይም 1/100 ላይ ቆይ፤ መብራታችን 50 ኸርዝ ስለሆነ ሌላው ምስሉን ሊያርገበግበው ይችላል።

ጉሙን ካሜራው በራሱ ሲለካው አመድ ያስመስለዋል፤ ከግማሽ እስከ አንድ ስቶፕ (የብርሃን መጠን መለኪያ) ጨምር። ዋይት ባላንሱን (የቀለም ማስተካከያውን) አውቶ ላይ አትተወው፣ በአንድ ቅንጭብ መሀል ቀለሙ ይቀየርብሃል።

ከደሴ ብርድ ሞቅ ያለ ቡና ቤት ስትገባ፣ ወይም 25 ኪሎ ሜትር ያህል ቁልቁል ኮምቦልቻ ስትወርድ ሌንሱ ላብ ያወጣል። ከመግባትህ በፊት ካሜራውን በላስቲክ ከረጢት ቋጥረህ ግማሽ ሰዓት ያህል አቆየው። ያላበ ሌንስ በጨርቅ መጥረግ አያዋጣም፤ እርጥበቱ ይመለሳል፣ አቧራ ካለበት ደግሞ ይጭረዋል።

ወሎዬዋ፦ ስለ ሥራዎቹ ልጨምርልህ። መጀመሪያ በ1928 የተሠራውን «ድልድዩ»ን እይ፤ ሮተርዳም ያለ አንድ የሚነሣ የባቡር ድልድይ ብቻ ነው፣ አንድን ዕቃ ከየአቅጣጫው ማየት ያስተምራል። ከዚያ በ1933 ከሄንሪ ስቶርክ ጋር ስለ ቤልጂግ የከሰል ማዕድን ሠራተኞች የሠራውን። ዓይኑ ከቅርጽ ወደ ሰው የዞረው እዚያ ነው፣ ለእኔ ዋናው ሥራው እሱ ነው። ስለ ስፔን የእርስ በርስ ጦርነት የሠራውን ፊልም (1937) ትረካ አሜሪካዊው ደራሲ ሄሚንግዌይ ነው የጻፈው። በ1946 ሲድኒ ላይ የኢንዶኔዥያን ነፃነት ደግፈው የሆላንድ መርከብ አንጭንም ያሉትን የወደብ ሠራተኞች ቀረጸ። በ1976 ከማርሴሊን ሎሪዳን ጋር ያወጣውን የቻይና ተከታታይ ግን በጥንቃቄ እይ፤ በባህል አብዮቱ ዘመን የተቀረጸ ስለሆነ በፍሬሙ ያልገባው ብዙ ነው። የመጨረሻው በ1988 ነፋስን ፍለጋ የሄደበት ነው። በዓመቱ በ90 ዓመቱ አረፈ።

ቦርከና ማዶ፦ ድምፁን ረስተነዋል። «ዝናብ» ድምፅ አልባ ነው፣ ሃንስ አይስለር በ1941 ሙዚቃ ጻፈለት። የአንተ ግን የቆርቆሮውን ድምፅ ይፈልጋል፣ ዶፍ ሲሆን መቅጃውን ስለሚያንቀው ከፍተኛውን የድምፅ መጠን በመቅጃው መለኪያ ከ-12 ዲሲቤል አታሳልፍ። ጃንጥላ ሥር አትቅረጽ፣ የሚሰማህ ጃንጥላው ነው። ከመቅጃው በላይ ወፍራም ፎጣ ወጥር፣ ጠብታው ሳይጮህ ይሰምጥበታል። ቢያንስ 3 ደቂቃ ሳታቋርጥ ያዝ፤ ቅንጭቦቹን የሚያያይዝልህ እሱ ነው።