ፒኤስ 4 (ፕሌይስቴሽን 4) ላይ ያጠፋኋቸው ጌሞች የት ገቡ?

የማርቆስ ልጅ፦
ሰላም ጓዶች፣ የኔ ፒኤስ 4 ባለ 500 ጊጋ ነው፣ ሞልቶ አላስጭን ሲለኝ ጌሞች ቀነስኩና አሁን ሆም ስክሪኑ ላይ የሉም። በቃ ጠፉ ማለት ነው? የፊፋ ካሪየሬም (እስካሁን ተጫውቼ የደረስኩበት) አሳስቦኛል፣ ደብረ ማርቆስ ኔቱን ታውቁታላችሁ

ቡሬ ጌመር፦
አይዞህ ወንድሜ አልጠፉም። ሆም ላይ ወደ ቀኝ እስከ ጫፉ ሂድ ላይብረሪ ይልሃል፣ እዛ ገብተህ ፐርቸዝድ የሚለውን ክፈት በአካውንትህ የተገዛው ሁሉ ተደርድሮ ታገኘዋለህ፣ የፈለግከውን መልሰህ ማውረድ ነው። ካሪየርህ ደግሞ ሴቩ (የደረስክበትን የያዘው ፋይል) ለብቻው ስለሚቀመጥ ጌሙን ስታጠፋው አብሮ አይሄድም

ጣና ዳር፦
በዲስክ የገዛኸውን ግን ፐርቸዝድ ውስጥ አትፈልገው፣ ቢጫንም ዲስኩ ካልገባ አይከፍትም። እኔ ብትሰማኝ ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ያዝ፣ ዩኤስቢ 3.0 የሆነ ከ250 ጊጋ እስከ 8 ቴራ ይቀበላል፣ ከዛ ማጥፋት ቀርቶ ጌሙን ወደሱ ማዛወር ነው፣ ኔት ለሚያስቸግረን ሰዎች ከዚህ የተሻለ የለም። ብቻ መጀመሪያ ፎርማት ስለሚያደርገው ውስጡ የሰርግ ፎቶ ምናምን ካለ ቀድመህ ገልብጠው!!

የማርቆስ ልጅ፦
አገኘኋቸው፣ ተባረኩ! ሃርድ ዲስኩን በዩኤስቢ ሀብ (የዩኤስቢ ማባዣ) ብሰካውስ?

ጣና ዳር፦
በሀብ አይሰራም፣ ቀጥታ ኮንሶሉ ላይ ሰካው