ክሪሳንቲመሙ ቅጠል ብቻ ሆነብኝ፤ አላብብ ያለው በማዳበሪያ እጥረት ነው?

ከጦሳ ሥር (ደሴ)፦

ሰላም ለሁላችሁም ይሁን። በግቢዬ ከውጭ በሩ ጀምሮ እስከ ውሃ ሮቶው ድረስ በአንድ መስመር የተተከለ ቢጫ ክሪሳንቲመም አለኝ፤ ሁሉም ከአንድ እናት ተክል የተቆረጠ ነው። በበልጉ ዝናብ ተክዬው፣ ፍግ ከአፈሩ ጋር ቀላቅዬ፣ ከሰኔ ወዲህ ደግሞ ለእህል ከሚገዛው ዩሪያ አልፎ አልፎ በእግሩ ዙሪያ እየበተንሁ አሳድጌዋለሁ። ቁመቱ ወገብ ደርሷል፤ ቅጠሉም ጥቁር አረንጓዴ ሆኖ እጅግ አምሯል። ይሁን እንጂ ኅዳር ገብቶ የጎረቤት ሁሉ ሲያብብ የእኔው እምቡጥ እንኳ አልቋጠረም። የሚገርመው፣ ከሮቶው ጀርባ ያሉት ጥቂት እግሮች ከሌሎቹ ያነሰ ፀሐይ እያገኙ እምቡጥ አውጥተዋል። በክረምቱ ደግሞ በታችኞቹ ቅጠሎች ጀርባ እንደ ብጉር ያበጠ ነጭ ነገር አይቼ ነበር። ዩሪያውን ልጨምር ወይስ በአመድ ልተካው? የምታውቁ ብትመክሩኝ አመሰግናለሁ።

የሆጤ አትክልተኛ (ደሴ)፦

ጤና ይስጥልኝ። ስለ ማዳበሪያው ከመነጋገራችን በፊት አንድ ነገር ልጠይቅዎ፤ በግቢዎ ሌሊቱን ሙሉ የሚበራ አምፖል አለ? ይህን ያልሁት ከሮቶው ጀርባ ያሉትን ስለጠቀሱ ነው። ክሪሳንቲመም እምቡጥ የሚቋጥረው ረጅምና ያልተቋረጠ ጨለማ ሲያገኝ ነው። ደሴ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 11 ዲግሪ ላይ ስለምትገኝ የቀኑ ርዝመት በሰኔ ወደ 12 ሰዓት ከ45 ደቂቃ ይደርሳል፤ በታኅሣሥ ደግሞ ወደ 11 ሰዓት ተኩል ዝቅ ይላል። ስለዚህ በዚህ ወቅት የእኛ ሌሊት ለአበባው ከበቂ በላይ ነው፤ ጤነኛ ተክል ሆኖ ካላበበ አብዛኛውን ጊዜ ጨለማውን የሚያቋርጥበት ነገር አለ ማለት ነው። ለሽያጭ የሚሆን ቁራጭ የሚያመርቱ የአበባ እርሻዎችም እናት ተክሉ እንዳያብብባቸው ሆን ብለው ሌሊት መብራት ያበሩበታል። የበር አምፖል ያንኑ ሥራ ሳያስቡት ይሠራል፤ ሮቶው ደግሞ ለጀርባዎቹ ጥላ ሆኖላቸዋል ብዬ እገምታለሁ።

ቦርከና ዳር (ኮምቦልቻ)፦

ወንድማችን ስለ መብራቱ ያሉት ትክክል ነው፤ ዩሪያውን ግን በቀላሉ ማለፍ አይገባም። ዩሪያ 46 በመቶው ናይትሮጅን ነው፤ ናይትሮጅን ደግሞ ቅጠልና ግንድ እንጂ አበባ አያፋጥንም። ሲበዛ ግንዱ ውሃ ያዘለና ለስላሳ ይሆናል፣ ክሽክሽ የሚባለው ጭማቂ መጣጭ ተባይም ይወደዋል፣ አበባውም ይዘገያል። በደረቅ መበተኑ ሌላ ጉዳት አለው፤ እግሩ ላይ ከተከማቸ ሥሩን ያቃጥላል።

የእኔ አካሄድ የሚከተለው ነው። በመትከያ ጊዜ በደንብ የበሰበሰ ፍግ ወይም ኮምፖስት፣ ከእርሱም ጋር ጥቂት ኤንፒኤስ የሚባለውን የፋብሪካ ማዳበሪያ ከአፈሩ ጋር አዋሕዳለሁ። ኤንፒኤስ 19 በመቶ ናይትሮጅን፣ 38 በመቶ ፎስፌትና 7 በመቶ ድኝ ያለው ሲሆን፣ ፎስፈረሱ በአፈር ውስጥ እንደ ልብ ስለማይንቀሳቀስ ከላይ ከመበተን ሥሩ ወደሚደርስበት መቅበሩ ይሻላል። ተክሉ በሚያድግበት ወቅት አንድ የሻይ ማንኪያ ዩሪያ በ10 ሊትር ውሃ አሟሙቼ፣ አስቀድሞ በረጠበ አፈር ላይ በየሁለት ሳምንቱ አጠጣለሁ። እምቡጥ ሲታይ ዩሪያውን አቆማለሁ፤ እምቡጡ ቀለም ማሳየት ሲጀምር ደግሞ ማንኛውንም ማዳበሪያ እተዋለሁ።

አመድን በተመለከተ፣ የእንጨት አመድ ፖታሲየም ስላለው ለአበባው ይጠቅማል፤ ነገር ግን የአፈሩን አሲድነት ይቀንሳል፣ ክሪሳንቲመም ደግሞ በመጠኑ አሲዳማ የሆነ አፈር ይወዳል። ስለዚህ በዓመት አንድ ጊዜ በእግር አንድ እፍኝ ይበቃል። ከዩሪያ ወይም ከፍግ ጋር በአንድ ጊዜ አይቀላቅሉት፤ ናይትሮጅኑ በአሞኒያ መልክ ተንኖ ይጠፋል።

ከጦሳ ሥር (ደሴ)፦

ሁለታችሁንም አመሰግናለሁ። አዎ፣ ከበሩ በላይ ማታ ተበርቶ እስኪነጋ የማይጠፋ አምፖል አለ፤ ከዚህ ጋር ይገናኛል ብዬ አስቤ አላውቅም። ለጥበቃ ስለሆነ ፈጽሞ ማጥፋት ይከብደኛል። ደግሞስ አሁን ጨለማ ቢያገኝ ዘንድሮ ይደርሳል? በቤታችን ቡና በተፈላ ቁጥር አተላው እዚያው እግሩ ላይ ይደፋል፤ ይህስ ይጎዳው ይሆን?

የሆጤ አትክልተኛ (ደሴ)፦

አምፖሉን ማጥፋት ካልተቻለ ብርሃኑ ወደ መንገዱ ብቻ እንዲወርድ በቆርቆሮ ይከልሉት። ያም ካልሆነ በተክሉ ዙሪያ ከፍ ያለ ችካል ተክለው ማታ 12 ሰዓት ላይ በጥቁር ሸራ ይሸፍኑት፣ ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ይግለጡት፤ ይህ ዘዴ ከኅዳርና ከታኅሣሥ ውርጭም ይጠብቀዋል። ጨለማው ከተስተካከለ በኋላ እንደ ዝርያው ከ7 እስከ 10 ሳምንት ይፈልጋል፤ የደሴ ብርድ ሊያዘገየው ስለሚችል አበባውን በጥር መጨረሻ ወይም በየካቲት ቢጠብቁ ይሻላል። እስከዚያው ጫፉን አይቀንጥሱ፣ ዩሪያም አይስጡት፤ ግንዱን ግን በእንጨት ይደግፉት። የቡናው አተላ በአንድ ቦታ ከተከመረ ደርቆ ውሃ አያሳልፍም፤ ወደ ኮምፖስቱ ጉድጓድ ቢገባ ይመረጣል።

እናት ጓሮ (ደሴ)፦

ልጆቼ፣ ስለ ነጩ ብጉር ማንም አልመለሰም፤ ከማዳበሪያው ይልቅ እኔን ያሳሰበኝ እርሱ ነው። ከላይ ቅጠሉ ላይ ፈዛዛ ቢጫ ነጥብ፣ ከሥር ደግሞ መጀመሪያ ሮዝ መሳይ ኋላም ነጭ እብጠት ከሆነ ነጭ ዋግ የሚባለው በሽታ ነው። በብርድና በእርጥበት ስለሚስፋፋ፣ ጉም ቀኑን ሙሉ በሚውልበት የእኛ ክረምት ያይላል። የታመመውን ቅጠል ለቅመው ያቃጥሉት፤ ወደ ኮምፖስት እንዳይጥሉት። ውሃ ጠዋት ጠዋት ከእግሩ ብቻ ይጠጣ፣ በሚቀጥለው ተከላም በእግርና በእግር መካከል 40 ሳንቲ ሜትር ያህል ይተዉ።

አበባው ካለፈ በኋላ ግንዱን ከመሬት አንድ ስንዝር ያህል አስቀርተው ይቁረጡ፤ ከሥሩ አዲስ ቀንበጥ ይወጣል። ከዚያ ጤነኛውን ብቻ መርጠው፣ ከጣት ትንሽ ረዘም አድርገው ቆርጠው፣ የታችኞቹን ቅጠሎች አንስተው በእርጥብ አሸዋ ቢተክሉ በሁለትና በሦስት ሳምንት ሥር ይይዛል። አዲሱ ችግኝ አንድ ስንዝር ሲሆን ጫፉን ይቀንጥሱት፤ ቅርንጫፍ ያበዛል፣ እንደ ዘንድሮውም ወገብ አይደርስም። እኔ ከነሐሴ አጋማሽ በኋላ አልቀነጥስም፤ ከዚያ ካለፈ አበባው ውርጭ ላይ ይወድቃል። ለኮምቦልቻዎች ግን ይህ የጊዜ ገደብ እምብዛም አያሳስብም፤ የእነርሱ ጣጣ በደረቁ ወቅት ከቅጠሉ ሥር ድር የሚያደራው ቀይ ሸረሪት ነው።