ፍቅረኛሞቹ የሌሉበት የፍቅር ፊልም ሆነብኝ

ደብረ ማርቆስ ላይ የ15 ደቂቃ ድራማ ልንቀርጽ እየተዘጋጀን ነው። ታሪኩ ይኸው ነው፦ ሁለት ወጣቶች ሊጋቡ ሽማግሌ ይላካል፤ የልጅቷ አያት ዘር ሲቆጥሩ ስድስተኛው ቤት ላይ ይገናኛሉ። በእኛ አገር ሰባት ቤት ሳይሞላ ጋብቻ የለምና ነገሩ ይፈርሳል። ልጆቹ ዝምድናውን እስከዚያች ዕለት ሰምተውት አያውቁም።

የቸገረኝ የቆጠራው ትዕይንት ነው። ሽማግሌዎቹ ጋቢያቸውን ደርበው፣ ጠላ ቀርቦላቸው "እገሌ እገሌን ወለደ" ሲሉ እጅግ ያምራል (የጎጃም ሰው ዘር ሲቆጥር መስማት ነው!)፤ ግን ከ15ቱ ደቂቃ 6ቱን በላው። ልጅቷ ጓዳ ናት። ልጁ ደግሞ ሽማግሌ ልኮ አብሮ አይመጣም፤ እሱን እዚያ ባስቀምጠው አገሬው ይስቅብኛል።

ቆጠራውን ሳሳጥረው ክብደቱ ጠፋ። ጨርሶ አውጥቼ ልጅቷ በስልክ እንድትነግረው ሳደርግ፣ ያነበቡልኝ ሁሉ "ታዲያ ለምን ባሕር ዳር ሄደው አይኖሩም?" አሉኝ። እናትየዋን ክፉ አድርጋት ያለኝም አለ፤ አላደርገውም። ልጇን ትወዳለች፣ የምትፈራው የሰው አፍ ነው።

ያለን አንድ ካሜራ፣ አንድ ማይክና የአክስቴ ግቢ ነው። ሽማግሌ የሚሆኑልን እውነተኛ የሰፈር አባቶች ስለሆኑ ቃለ ተውኔት አይሸመድዱም፤ ካሜራው ተከፍቶ እንደ ልማዳቸው ይቆጥራሉ።

እናንተ ብትሆኑ፣ ቆጠራው ሳይቋረጥ ልጅቷ ጓዳ፣ ልጁ ከግቢው ውጭ እንዳሉ የሁለቱ ፍቅር ሲፈተን እንዲታይ ትዕይንቱን እንዴት ታዋቅሩታላችሁ?