በሲፓፕ ስተኛ አፌ ይደርቃል፣ ሆዴ ይነፋል

51 ዓመቴ ነው፤ የምኖረው ባሕር ዳር፣ ሽምብጥ። እንቅልፍ ላይ ትንፋሼ እየተቋረጠ ባለቤቴ ሌሊቱን ሙሉ ስትቀሰቅሰኝ ኖራለች። ከተመረመርኩ በኋላ እህቴ ከውጭ ሲፓፕ (ስተኛ ትንፋሼ እንዳይቋረጥ በጭንብል በኩል አየር የሚገፋ መሣሪያ) ላከችልኝ፤ ሁለት ወር ሊሞላኝ ነው። የአየር ግፊቱ 11 ላይ ተስተካክሏል፤ ጭንብሉ አፍንጫ ብቻ የሚሸፍን ነው።

ቀን ላይ ለውጡ ግልጽ ነው። ሥራ ላይ ማንቀላፋቱም የጠዋቱ ራስ ምታትም ቀርቷል፤ ስለዚህ መተው አልፈልግም። ሌሊቱ ግን ከብዶኛል። 9 ሰዓት ገደማ ምላሴ ከላንቃዬ ተጣብቆ እነቃለሁ። ሆዴ እንደ ከበሮ ተወጥሮ እስከ ቁርስ ድረስ ያገሳኛል። ባለቤቴ እንደምትለው አፌ ተከፍቶ አየሩ ሽው እያለ ይወጣል።

የማርጠቢያውን (አየሩን በውሃ የሚያረጥበውን የመሣሪያውን ክፍል) መጠን ከ3 ወደ 5 ከፍ አደረግኩ። ድርቀቱ ትንሽ ቀነሰ፤ ነገር ግን የጥር ሌሊት ስለሚቀዘቅዝ ውሃው ቱቦው ውስጥ ተጠራቅሞ ይንቦጫረቅ ጀመር። ቱቦውን በአሮጌ ጋቢ ስጠቀልለው ያ ቆመ። የጭንብሉን ማሰሪያ አጥብቄ አየሁ፤ የአፍንጫዬን አጥንት ላጠው እንጂ አፌን አልዘጋልኝም፣ መልሼ አላላሁት። በጎን መተኛት የሆዴን መነፋት ጥቂት አቅልሎልኛል። ግፊቱን በራሴ አልነካሁም፤ ያዘዘልኝ ሐኪም አዲስ አበባ ነው፣ ቀጠሮዬም ሚያዝያ ላይ ነው።

በአፍንጫ ጭንብል ጀምራችሁ እንደ እኔ አፋችሁ እየተከፈተ የተቸገራችሁ፣ የረዳችሁ የአገጭ ማሰሪያ ነው ወይስ አፍና አፍንጫን አብሮ ወደሚሸፍን ጭንብል መቀየር?